ማንደፍሮ ላይ ሽማግሌ አይቀመጥም

ሽማግሌ የሆንኩት በሠላሳ ሁለት ዓመቴ ነው፤ ያውም በፀጉሬ ምክንያት። በአባቴ ወገን ቶሎ እንሸብታለን። ጓደኛዬ ዮሚፍ ሶልያናን ለማግባት ሽማግሌ ሲያሰባስብ፣ ቃል የገባለት ሰው ቅዳሜ ሺፍት አለብኝ ብሎ ቀረበት። ዮሚፍ ወደ እኔ ዞሮ አናቴን በጥሞና ተመለከተና «ሚክያስ፣ ኮፍያህን አውልቅ እስቲ» አለኝ። አወለቅኩ። «በቃ፣ ተገኘ» አለ።

እንዲህ ሆኖ ሳን ሆዜ ኮምፒውተር ላይ አቀርቅሬ የምውል ሰው ቅዳሜ በማለዳ ሱፍ ለብሼ ወደ ኦክላንድ ነዳሁ።

መሪያችን ጋሽ ሀብተሥላሴ ነበሩ። ኦክላንድ ውስጥ የአንዲት የአማርኛ ወንጌላዊት ቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ናቸው። ሰባን አልፈዋል። ድምፃቸው ማይክ አይፈልግም፤ እሳቸው ግን ማይክ ይወዳሉ። በእሳቸው ሽምግልና ተጋብቶ የተፋታ የለም ይባላል። የተፋቱት እሳቸውን ፈርተው አይናገሩም እንጂ አሉ የሚሉ ክፉዎችም አይጠፉም።

ችግሩ የሶልያና እናት፣ ካሳነሽ ነበረች። ባሏ ከሞተ ቆይቷል፤ ልጇን ብቻዋን ነው ያሳደገችው። ሶልያና ደግሞ ለዮሚፍ ነገሩን በእሷ አማርኛ አስቀምጣለታለች፦ «ማም ኖ ካለች ኖ ነው፣ ቤቢ።» ካሳነሽ ኖ አላለችም። ግን ሽማግሌ ሁለት ጊዜ መልሳለች።

በመጀመሪያው ጊዜ ጋሽ ሀብተሥላሴ ስልክ ደወሉላት። «ልጄ፣ ልንመጣ ነውና የምናናግረው ሰው አዘጋጂልን» አሏት።

«እኔ አለሁ፣ ጋሽዬ።»

«አንቺማ አለሽ። ወንድ ማለቴ ነው። አጎትም ቢሆን፣ ወንድምም ቢሆን፣ የሚቀበለን።»

«እንግዳ የሚቀበል በር ነው፤ በር አለኝ» ብላ ዘጋችው።

በሁለተኛው ጊዜ ደጇ ድረስ ሄዱ፤ ሥራ ላይ ነበረች። በሶልያና በኩል የመጣው መልስ አጭር ነው፦ «ልጄን የሚፈልግ እኔ ካለሁበት ይምጣ። በኦክቶበር እኔ ያለሁት ውሃ ላይ ነው።»

ካሳነሽ የጎታች ጀልባ ካፒቴን ናት። ይህን ነገር ለዮሚፍ እናት ለእትዬ ወርቂቱ ለማስረዳት አንድ ምሽት ሙሉ ፈጅቶብናል።

«ስንት ሰው ትጭናለች?» አሉ እትዬ ወርቂቱ።

«ሰው አትጭንም። መርከብ ነው የምትገፋው።»

«ለምን? ራሱ አይሄድም?»

እውነት ለመናገር ማናችንም መልሱን አናውቅም ነበር።

እንግዲህ ይህ ሦስተኛው ነው። ሦስቴ የተመለሰ ሽማግሌ አራተኛ አይሄድም፤ ይህን ዮሚፍም ያውቃል፣ ሶልያናም ታውቃለች፣ ከሁሉ በላይ ደግሞ ጋሽ ሀብተሥላሴ ያውቃሉ። ስለዚህ አሰቡበት፤ ጸለዩበት። በመጨረሻም ለካሳነሽ ወንድ ከጠፋ ወንዱን ይዘንላት እንሂድ የሚል ሐሳብ መጣላቸው።

ወንዱ አቶ አባተ ይባላሉ። የካሳነሽ አባት የአጎት ልጅ ናቸው። ጡረታ ወጥተው ኮንኮርድ ውስጥ ከልጃቸው ቤት ጓሮ ቲማቲም ይተክላሉ። ከባርት ባቡር ጣቢያ ስንቀበላቸው ክራቫታቸውን አጥብቀው አስረው፣ እንደ ፈተና ተማሪ ተጨንቀው ነበር።

«እኔ ምንድን ነው የምለው?» አሉ።

«እሺ ይላሉ» አሏቸው ጋሽ ሀብተሥላሴ።

«ለምኑ?»

«ስንጠይቅዎት ነዋ። ሽማግሌ ደግሞ ሁለት ሆኖ አይሄድም፤ ሦስተኛም ይሆኑልናል።»

አቶ አባተ መኪናው ውስጥ ክራቫታቸውን እየነካኩ «ጠያቂም ተጠያቂም ነኝ ማለት ነው?» አሉ።

ዮሚፍ ከወደቡ አጥር ውጭ መኪናው ውስጥ ቀረ፤ አግቢው ሽማግሌ ተከትሎ አይገባም። «ያለችውን ወዲያው ኮል አድርግልኝ» አለኝ። ላቡ በጥቅምት ብርድ ግንባሩ ላይ ይታያል። ሆስፒታል ውስጥ መተንፈስ ያቃታቸውን ሰዎች የሚያስተነፍስ ልጅ ነው፤ ዛሬ ግን ራሱ አየር ያጠረው ይመስላል።

ጀልባው ከሩቅ ሲታይ የተኛ በሬ ነው። አጭር፣ ሰፊ፣ አንገተ ደንዳና። አፍንጫው ላይ ጥቁር ወፍራም ጎማ ተለብጦበታል፤ መርከብ የሚገፋው በዚያ ነው። የተሠራው ለአሜሪካ ባሕር ኃይል ነው፤ ካሳነሽ ገና ሳትወለድ። በባሕር ኃይሉ ግቢ የጦር መርከብ ሲገፋና ሲጎትት ኖሮ፣ ግቢው ሲዘጋ ለአንድ ትንሽ ኩባንያ ተሸጠ። ኩባንያው ቀይ ቀለም ቀባው። ቀለሙ በተላጠበት ቦታ ሁሉ ግን የድሮው ግራጫ ብቅ ይላል። ሽበት ደብቆ እንደማይዘልቅ እኔም ስለማውቀው ወዲያው ወደድኩት።

በየኦክቶበሩ የጦር መርከቦች ለበዓል ወደ ሳን ፍራንሲስኮ ባሕረ ሰላጤ፣ ወደ ቤይ፣ ይገባሉ። ሕዝቡ ዳር ቆሞ ሰማይ ላይ የሚገለባበጡትን አውሮፕላኖች ያያል። መርከቦቹን ከፒር፣ ከመርከብ መቆሚያው መድረክ፣ የሚያስጠጋቸውን ግን ማንም አያይም፤ እሱ ከሥር ነው ያለው። ባሕር ኃይሉ ዛሬም ከሚጠራቸው አንዱ ይህ አሮጌ አገልጋዩ ነው።

ወረቀት ላይ ሌላ ስም አለው። ካሳነሽ ግን ማንደፍሮ ትለዋለች። ስትረከበው ሞተሩን ለመንካት የሚደፍር ሰው ጠፍቶ ነበርና። የሞተር ኃላፊው ሬይ የሚባል ፊሊፒናዊ ነው፤ እሱ «ማንዲ» ብሎ አሳጠረው፤ ፓይለቶቹም ከእሱ ተቀበሉ። ፓይለት ማለት የሚገባው መርከብ ላይ ወጥቶ ለጎታቾቹ በሬድዮ ትእዛዝ የሚሰጥ ሰው ነው። ይህንን ሁሉ ያን ዕለት ነው የተማርኩት።

ካሳነሽ ከላይ ወረደች። ሃምሳን ያለፈች፣ ብርቱካናማ ጃኬት የለበሰች፣ ከባድ ቡት የተጫማች። ጎንበስ ብላ ሰላም አለችን፤ ቤተሰብ፣ ጤና፣ ጉባኤው፣ አንድም አላስቀረችም። ከዚያ ዓይኗ አቶ አባተ ላይ ቆመ።

«እኚህ አባት ማን ናቸው?»

«አባትሽ ናቸው» አሉ ጋሽ ሀብተሥላሴ።

«አባቴማ ሞቷል፣ ጋሽዬ። ለቅሶው ላይ የጸለዩት እርስዎ ነዎት እኮ።»

«ለዛሬ ማለቴ ነው።»

ካሳነሽ አቶ አባተን ደግማ አየቻቸው። «ጋሽ አባተ! የኮንኮርዱ? የቲማቲሙ?»

«የቲማቲሙ» አሉ እሳቸው፤ በመታወቃቸው ፊታቸው በራ።

«እና ጠያቂውንም ተጠያቂውንም ጭናችሁ መጣችሁ?» አለች ካሳነሽ። «እኔ እንግዲህ ሹፌር ነኛ።»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ሳላቸው መጣ። እኔ ጫማዬን አየሁ። በሦስተኛው ዙር የመጀመሪያው ደቂቃ ላይ ተሸንፈን ነበር።

ግን አልመለሰችንም። ከቢሮ ፈቃድ አውጥታልን ነበርና ላይፍ ጃኬት አስለበሰችን። የጋሽ ሀብተሥላሴ በጥቁሩ ሱፍና በነጭ ጋቢያቸው ላይ ሲደረብ ግማሽ ሙሽራ፣ ግማሽ የመንገድ ሥራ ሠራተኛ አስመሰላቸው። ከዚያ ወደ መሪው ክፍል ወጣን። ዙሪያውን መስኮት የሆነ ጠባብ ክፍል ነው፤ ከኋላ አንድ አግዳሚ ወንበር አለ።

«አንድ ሕግ ነው ያለኝ» አለች። «ገመድ ሲወጠር ውጭ ማንም አይቆምም። ውስጥ ያለ ደግሞ ይቀመጣል። የተበጠሰ ገመድ ሽበት አይቶ አያልፍም።»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ጋቢያቸውን አስተካከሉ። «ልጄ፣ እኛ ሽማግሌዎች ነን። ጉዳያችን ተሰምቶ መልስ ሳናገኝ አንቀመጥም።»

«ጉዳያችሁ ከመርከቡ በኋላ ነው።»

«እንግዲያው እስከዚያ እንቆማለን።»

«ይህ ሳሎን አይደለም፣ ጋሽዬ።»

«ወግ ሳሎን አይመርጥም።»

አቶ አባተ ቀስ ብለው እጃቸውን አወጡ። «እኔ የሴቷ ወገን ስለሆንኩ መቀመጥ እችላለሁ፣ አይደል?»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ጋቢያቸውን ደግመው አስተካከሉ። ይህ ጥያቄ ከዚህ ቀደም የቀረበላቸው አይመስለኝም። «ይችላሉ» አሉ፣ ቅር እያላቸው። አቶ አባተ ተቀመጡ፤ ያን ዕለት ኦክላንድ እስክንመለስ ድረስ አልተነሡም።

ከኦክላንድ ወጣን። ኮንቴይነር የሚያነሱት ክሬኖች በላያችን አለፉ። ማንደፍሮ የሚሄደው በጩኸት አይደለም፤ ወለሉ ከእግር ሥር እንደ ትልቅ ድመት ያጉረመርማል። ካሳነሽ እየነዳች ታወራለች፤ ዓይኗ ግን ከውሃው አይነሳም። አዲስ አበባ ስታድግ ውሃ የምታውቀው በባልዲ ነበር። ዲቪ ደርሷት መጥታ፣ የመጀመሪያ ሥራዋ ኦክላንድና ሳን ፍራንሲስኮን በሚያገናኘው የመንገደኞች ፌሪ ላይ ቡናና ቺፕስ መሸጥ ነበር። በእረፍቷ ወደ ላይ እየወጣች መሪ የያዘውን ሰው ታያለች። «ምን ታያለሽ?» አላት አንድ ቀን። «ወንበርህን» አለችው። ከዚያ ገመድ ጎታች ሆነች፤ ከዚያ ተማረች፤ ተፈተነች፤ ወድቃ ደግማ ተፈተነች።

«ግን ለምን ይገፋል?» አልኳት። የእትዬ ወርቂቱ ጥያቄ ከረመብኝ። «መርከቡ ራሱ አይሄድም?»

«ይሄዳል። ትልቅ መርከብ ሲሮጥ መሪው ይሰማዋል። ቀስ ሲል ግን መሪው አይሰማውም፤ ፍሬን ደግሞ የለውም። ሩጫ ያውቃል፣ መቆም አያውቅም። የሚያቆመው እኛ ነን።»

እንደዚህ ዓይነት ብዙ ሰው አውቃለሁ። አንዱ በስተቀኝ ካለው መስኮት ፊት፣ የጣሪያውን እጀታ ይዘው፣ ሰፊ ሆነው ቆመው ነበር።

«አርጅቷል ግን» አሉ ጋሽ ሀብተሥላሴ፣ የዛገውን የመስኮት ጠርዝ በጣታቸው እየነኩ።

«አርጅቷል» አለች ካሳነሽ። «ቢሮ ያሉት አዲስ ይግዙ አይግዙ እያሉ ይከራከራሉ። ባሕር ኃይሉ ሲደውል ግን ማንን ይልካሉ? እሱ መርከብ ሲገፋ ሌላው ገና ብረት ነበር።» የመሪውን ጎን ቸብ ቸብ አደረገችው፤ ሰው የገዛ ልጁን ትከሻ እንደሚመታው።

መርከቡ ከድልድዩ ሥር ብቅ አለ። ግራጫ፣ ረጅም፣ ፎቅ በፎቅ ላይ የተጫነበት። ጠርዙ ላይ ነጭ የለበሱ መርከበኞች ተሰልፈዋል። እየቀረበ ሲመጣ መስኮታችንን በሙሉ ሞላው፤ ሰማዩ ጠፋ። አቶ አባተ ዓይናቸውን ጨፈኑ። ማንደፍሮ ከኋላ በኩል ተጠግቶ አፍንጫውን ጎኑ ላይ አሳረፈ፤ ከላይ ገመድ ተቀበሉን። በሌላው ጫፍ ሌላ ጎታች አለ፤ አዲስ፣ የሚያብረቀርቅ። ካሳነሽ አንዴ ገልመጥ አድርጋው ወደ ሥራዋ ተመለሰች።

ሬድዮው ኮሽኮሽ አለ። «ማንዲ፣ ቀስ ብለህ ግፋ።»

«ማንዲ፣ ቀስ ብሎ ይገፋል» አለች ካሳነሽ።

«ማንዲ፣ ቁም።»

«ማንዲ፣ ቆሟል።»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ለተወሰነ ጊዜ ሰሙና «ያለሽን ለምን ትደግሚያለሽ? አይሰማም እንዴ?» አሏት።

«ካልደገምኩ አልሰማሁም ማለት ነው። እዚህ ሥራ ላይ እሺ፣ ይሁን፣ እናያለን የሚባል ነገር የለም። የተባልኩትን መልሼ ከተናገርኩ ተቀብያለሁ፤ ከተቀበልኩ ደግሞ ይሆናል። በቃ።»

«ቃለ ጉባኤ በለው» አሉ ጋሽ ሀብተሥላሴ፣ ደስ ሳይላቸው።

ፒሩ በስተቀኝ በኩል ነው። መርከቡ በጎኑ ወደ እሱ ይጠጋል፤ እኛ ከውጭ በኩል ተጣብቀን እንገፋለን፣ ሲፈጥን በገመዱ ይዘን ወደ ኋላ እንስባለን። ሁሉም ነገር በትእዛዝና በመድገም ሲሄድ ቆየ። ከዚያ ነፋሱ ተነሣ። በቤይ ውስጥ ከሰዓት በፊት እንዲህ የሚነፍስበት ጊዜ ብዙ አይደለም አለች በኋላ። የመርከቡ ጎን ሸራ ሆነ። ያ ሁሉ ብረት ወደ ኮንክሪቱ መንሸራተት ጀመረ።

«ማንዲ፣ ወደ ኋላ፣ በሙሉ ኃይል።» የፓይለቱ ድምፅ አልተለወጠም፤ ግን አጠረ።

«ማንዲ፣ ወደ ኋላ፣ በሙሉ ኃይል።»

ወለሉ ከማጉረምረም ወደ ማገሳት ተሻገረ። ገመዱ ከፊታችን ከውሃው ብድግ አለ፤ ጠብታ እየረጨ ቀጥ አለ። ማንደፍሮ ወደ አንድ ጎን አዘነበለ። አቶ አባተ የመጡበትን ጉዳይ ረስተው መዝሙረ ዳዊት ጀመሩ።

«ተቀመጡ!» አለች ካሳነሽ።

እኔ ልቀመጥ ዝቅ አልኩ፤ ጋሽ ሀብተሥላሴ ግን በክርናቸው ያዙኝ። «ቁም» አሉኝ። «አሁን ከተቀመጥን ጉዳያችን ፈረሰ።»

«ጋሽ ሀብተሥላሴ!» ድምፅዋ አልጮኸም። «መቆምዎን ይተዉት። መስኮቴ ላይ ነዎት። የፒሩ ማዕዘን አይታየኝም።»

እውነት ነበር። ከጋቢያቸውና ከላይፍ ጃኬታቸው ጋር የቀኙን መስኮት በሙሉ ሸፍነውት ነበር። ከእሳቸው ጀርባ አንድ የጦር መርከብ፣ አንድ የኮንክሪት ፒር፣ በመካከላቸውም እየጠበበ የሚሄድ ውሃ አለ። ወዴት ይሂዱ? ክፍሉ ጠባብ ነው። ከወንበሩ በቀር ቦታ የለም። ወንበሩ ደግሞ ሽንፈት ነው።

ፊታቸውን አየሁት። ለአርባ ዓመት የሰውን ትዳር ያቆመ ወግ በአንድ ወገን፣ መስኮቱ በሌላ ወገን ሲጎትቷቸው። እሳቸው ያኔ ጎታች አላስፈለጋቸውም። እጀታውን ለቀቁና፣ በዝግታ ሳይሆን ዱብ ብለው፣ ተንበረከኩ።

«አልተቀመጥንም» አሉኝ ከታች። «ተንበርከክ።»

ተንበረከክኩ።

እዚህ ላይ አንባቢ ወጉን ያስብ። ሽማግሌ በሰው ቤት ሲንበረከክ ባለቤቱ ያሻውን ሥራ ጥሎ ይሮጣል፤ «ኧረ በፈጠራችሁ፣ ተነሡ!» ብሎ ብብታቸውን ይዞ ያነሣል። ሽማግሌ በጉልበቱ ላይ የቆየበት ቤት ስሙ ይጠፋል። ካሳነሽ ግን ሁለት እጇ ተይዟል። በአንዱ መሪ፣ በአንዱ የሞተሩን ኃይል ይዛለች። አየችን፤ ከንፈሯ «ተነሡ» ለማለት ተንቀሳቀሰ፤ ሬድዮው ቀደማት።

«ማንዲ፣ ያዘው፣ እንደዚያው ያዘው።»

«ማንዲ፣ እንደዚያው ይዟል።»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ካሳነሽ እግር ሥር፣ ከቡቷ አንድ ክንድ ርቀት ላይ፣ ተንበርክከው ቀሩ። ወንድ ጠፍቶ አናናግራትም ያሏት ሴት እግር ሥር። ከዚህ ከፍታ ሌላ ነገር ይታያል። የእጇ ደም ሥር፣ ኃይሉን በፀጉር ልክ የምትጨምርና የምትቀንስ ጣቷ። ይህ ሁሉ ብረት በዚያች ጣት ላይ ነው የተንጠለጠለው። ገመዱ አቃሰተ። ማንደፍሮ ጭቃ ውስጥ እንደ ሰመጠ በሬ ቀንበሩን ጭኖ ተንገራገጨ፤ አልለቀቀም። ኪሴ ውስጥ ስልኬ ይነዝራል፤ ዮሚፍ ነው።

በቀኙ መስኮት የውሃው ጠባብ መንገድ መጥበቡን አቆመ። ቆመ። ከዚያ በእርጋታ፣ ሰው ሕፃን ተኝቶበት በር እንደሚዘጋ፣ መርከቡ ፒሩን ነካ። እንቁላል በመካከል ቢኖር አይሰበርም ነበር።

«ማንዲ፣ በቃ» አለ ሬድዮው። «ቆንጆ ሥራ ነው፣ ካፒቴን።»

«ማንዲ፣ በቃ» አለች ካሳነሽ። ሁለተኛውን አልደገመችም።

ከላይ፣ ከመርከቡ ጠርዝ፣ አንድ መኮንን ወደ ታች ተመለከተና እጁን ወደ ግንባሩ አነሣ። ሬይ ከታች ጥሩንባውን አንዴ አስረዝሞ ነፋ።

«ለማን ነው ሰላምታው?» አሉ ጋሽ ሀብተሥላሴ ከወለሉ።

«ለማንደፍሮ ነው» አለች። «የራሳቸው ነበር። ያውቁታል።» ድምፅዋ ግን እንደ ገመዱ ተወጥሮ ነበር። ከዚያ እጇ ተለቀቀና ዞረች። «ኧረ በፈጠራችሁ! ተነሡ! ይቅር በሉኝ፣ እጄ ተይዞብኝ ነው!»

እኔ ተነሣሁ። የጋሽ ሀብተሥላሴ ጉልበት ግን እንቢ አለ። ካሳነሽ በአንድ ብብታቸው ገባች፣ እኔ በሌላው፤ ቀስ፣ ቀስ፣ ቆም፣ ቀስ እያለች፣ እንደ መርከቡ አድርጋ ወደ ግድግዳው አስጠጋቻቸው።

ወደ ኦክላንድ መመለስ ጀመርን። ገመዱ ተጠቅልሏል፤ ውሃው ጸጥ ብሏል። ጋሽ ሀብተሥላሴ ጋቢያቸውን አራገፉ፣ ተንጠራሩ፣ ከኤደን ገነት የሚጀምረውንና ሁላችንም የምናውቀውን ንግግራቸውን ሊጀምሩ ወደ አቶ አባተ ዞሩ። «ክቡር አቶ አባተ፣ እግዚአብሔር አምላክ ሰውን ከምድር አፈር ባበጀ ጊዜ...»

አቶ አባተ ፊታቸው እንደ ጥሬ ቲማቲም አረንጓዴ ሆኖ እጃቸውን አነሡ። «ይቅርብኝ፣ ወንድሜ። እኔ እዚህ ጀልባ ላይ አባት አይደለሁም፤ ተሳፋሪ ነኝ። ለካፒቴኗ ንገሯት።»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ወደ ካሳነሽ ጀርባ አዩ። ኤደንን ዘለሉት። ይስሐቅንና ርብቃንም ዘለሉ፤ ይህን ሲያደርጉ ያየ ሰው ከእኔ ሌላ በሕይወት ያለ አይመስለኝም።

«ካፒቴን ካሳነሽ» አሉ። «እርስዎን ልንጠይቅ...»

«አንቺ ይበሉኝ፣ ጋሽዬ። አያስደነግጡኝ።»

«እሺ። አንቺን ልንጠይቅ ነው የመጣነው። በፊትም አንቺን መጠየቅ ነበረብን።» ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «ልጅሽን ሶልያናን ለልጃችን ለዮሚፍ ስጪን።»

ካሳነሽ መሪውን ትንሽ አዞረች። ክሬኖቹ እየቀረቡ ነበር። ስልኬ ደግሞ ነዘረ። የመጀመሪያዎቹን ሁለት መልሶች አስታወስኩ፤ ሦስቴ የተመለሰ ሽማግሌ አራተኛ አይሄድም። ከአጥሩ ውጭ አንድ ልጅ መኪና ውስጥ አየር አጥሮት ተቀምጧል። ካሳነሽ ቀና አለች፤ ዓይኗን ከውሃው ሳታነሣ፣ ለፓይለቱ በምትመልስበት በዚያው ጥርት ባለ ድምፅ ተናገረች።

«ልጄን ሶልያናን፣ ለልጃችሁ ለዮሚፍ።»

ቀጣዩን ጠበቅን። ቀጣይ የለም።

«እና መልሱስ?» አሉ ጋሽ ሀብተሥላሴ። ሊያለቅሱ ምንም አልቀራቸውም።

«ጋሽዬ» አልኳቸው፣ «ደገመችው እኮ።»

«መድገሟንማ ሰማሁ፤ ግን...» ቆሙ። ቀስ ብሎ፣ ከአገጫቸው ተነሥቶ ወደ ዓይናቸው፣ ፊታቸው በራ። «ደገመችው!»

«መስኮቴን ለቃችሁልኛል» አለች ካሳነሽ፣ ትንሽ እየሳቀች። «እኔም አላከርም። አሁንስ ትቀመጣላችሁ?»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ሄደው አቶ አባተ አጠገብ ተቀመጡ፤ ወንበሩ አቃሰተ። አቶ አባተ ዓይናቸውን ሳይገልጡ «እሺ ብያለሁ» አሉ። «ለዚህ ነው የመጣሁት፤ ልበለው እንጂ።»

ወደቡ ጋ ስንደርስ ካሳነሽ ጥሩንባውን ሁለቴ ነፋች። ዮሚፍ ከመኪናው ወጥቶ በአጥሩ ሽቦ መካከል ሲያየን ነበር። ፊታችንን አይቶ ይሁን ጥሩንባውን ሰምቶ አላውቅም፤ ሽቦውን ሙጭጭ አድርጎ ይዞ አለቀሰ። ሶልያናን ሲደውልላት የሰማሁት የእሷን ድምፅ ብቻ ነው፤ «ሺ ሴድ የስ? ማይ ማም?» እያለች ትጮኻለች።

ጋሽ ሀብተሥላሴ ላይፍ ጃኬቱን ሊመልሱ አልፈለጉም። ሬይ በትሕትና ነጠቃቸው። ከዚያ ስልካቸውን አውጥተው ስፒከር ላይ አደረጉና ለእትዬ ወርቂቱ ደወሉ።

«ወርቂቱ! እልል በዪ! ተሰጥቶናል! የጦር መርከብ ገፍተን ነው የመጣነው!»

እልልታው አለቀና፣ ከጀርባው የእትዬ ወርቂቱ ጥርጣሬ ብቅ አለ። «ቆይ እስቲ፣ ለምን ገፋችሁት? ራሱ አይሄድም?»

ጋሽ ሀብተሥላሴ ወደ ማንደፍሮ ዞሩ። ቀዩ ቀለም ሥር ግራጫው ይታያል። ካሳነሽ ከላይ ሆና ገመዱን ለሬይ ትወረውራለች።

«ራሱማ አይሄድም!» አሉ፣ ከልባቸው ተቆጥተው። «እኛ ባንኖር የት ይደርስ ነበር?»